አንድ ሙሉ መደርደሪያ ለኤዲት ስኮብ፦ ስለ አንድ የደብረ ብርሃን ፊልም አከራይ ቤት

ፊልም በፍላሽ ተጭኖ ወይም በስልክ ወርዶ በሚታይበት ዘመን ዲስክ የሚያከራይ ቤት ማግኘት በአዲስ አበባም ቢሆን ቀላል አይደለም። ደብረ ብርሃን ውስጥ ግን ከዋናው የደሴ መንገድ ጥቂት ገባ ብሎ፣ ከፊት ቡናና ማኪያቶ የሚሸጥ፣ ከኋላ ደግሞ ዲስክ የሚያከራይና በአንዲት ጠባብ ክፍል ፊልም የሚያሳይ ቤት አለ። ባለቤቱ ጡረታ የወጡ የፈረንሳይኛ መምህር ናቸው። የሚያከራዩት ተባዝቶ የተሸጠ ዲስክ ሳይሆን፣ ውጭ አገር የሚኖሩ ዘመዶቻቸው ለእረፍት በመጡ ቁጥር አንድም ሁለትም እያደረጉ ያመጡላቸውን ኦሪጅናል ነው። ቤቱ በስም እንዲነሣ ስለማይፈልጉ እኔም ስሙን አልጽፍም፤ የከተማው ሰው «ዲስክ ቤት» ሲባል ያውቀዋል።

ይህን ግምገማ ለመጻፍ ያነሣሣኝ ማኪያቶው ወይም ክፍሉ ሳይሆን የመደርደሪያዎቹ አደራደር ነው። አብዛኛው ፊልም አከራይ ዕቃውን የሕንድ፣ የአሜሪካ፣ የአማርኛ እያለ በአገር ይከፍላል፤ ወይም ፍቅር፣ ድርጊት፣ አስፈሪ እያለ በዓይነት ይለያል። እዚህ ቤት ከመግቢያው በስተቀኝ ያለው መደርደሪያ ግን ከላይ እስከ ታች የተያዘው በአንዲት ተዋናይት ሥራዎች ነው፤ ጫፉ ላይም በእጅ ጽሑፍ «ኤዲት ስኮብ፣ ከ1959 እስከ 2016» የሚል ወረቀት ተለጥፏል። በዚህ ጽሑፍ የምጠቅሳቸው ዓመታትም እንደዚያው ወረቀት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው። ኤዲት ስኮብ በአገሯ በፈረንሳይ እንኳ ስሟ ብቻ ትኬት የሚያሸጥ ተዋናይት አልነበረችም፤ እኛ ዘንድ ደግሞ የሚያውቃት ሰው በጣት የሚቆጠር ነው። ካትሪን ዴኔቭ፣ ዡልዬት ቢኖሽና ኢዛቤል ዩፔር በዚሁ መደርደሪያ ላይ አሉ፤ ነገር ግን የሚገኙት ከእሷ ጋር ስለሠሩ ነው፤ ስማቸውም ከሥሯ በትንሹ ተጽፏል። ይህ አደራደር የባለቤቱ የግል ምርጫ ቢሆንም፣ ደንበኛው በሌላ መንገድ የማያገኘውን ነገር ይሰጠዋል፤ ብዙውን ጊዜ በትንንሽ ሚና የምትመጣን አንዲት ሴት ከወጣትነት እስከ እርጅና ሳያቋርጥ እንዲከተል ያስችለዋል።

ከእያንዳንዱ ዲስክ ጋር ባለቤቱ ራሳቸው በአማርኛ ያዘጋጁት የአንድ ገጽ መግለጫ ይገኛል። ስለ ሕይወቷ የሚናገረው ገጽ አጭርና ትክክለኛ ነው። ኤዲት ስኮብ በጥቅምት 21 ቀን 1937 ፓሪስ ውስጥ የሩሲያ ስደተኞች ዘር ካለው ቤተሰብ ተወለደች፤ በዚያችው ከተማ በሰኔ 26 ቀን 2019 በሰማንያ አንድ ዓመቷ አረፈች። ባለቤቷ በትውልድ ግሪካዊ የሆነው የሙዚቃ ደራሲ ዦርዥ አፔርጊስ ነው። ወደ ፊልም ያመጣት ዳይሬክተሩ ዦርዥ ፍራንዡ ሲሆን፣ እሱም በ1936 ከኦንሪ ላንግልዋ ጋር የፈረንሳይን ሲኒማቴክ፣ ማለትም የፊልም ማኖሪያና ማሳያ ተቋም፣ ከመሠረቱት ሰዎች አንዱ ነበር። ፍራንዡ ረጅም ልብ ወለድ ፊልም መሥራት ከመጀመሩ በፊት በዘጋቢ ፊልሞቹ፣ በተለይም የፓሪስን ቄራዎች ባሳየበት የ1949 ሥራው ይታወቅ ነበር። ይህን ማወቅ ጠቃሚ ነው፤ ቀጥሎ የሚመጣውን ፊልም የሠራው ሰው ቢላንና ሥጋን ያለ ሙዚቃና ያለ ጩኸት፣ እንደ ዕለት ሥራ አድርጎ ማሳየት የለመደ ሰው ነውና።

የመጀመሪያው ዲስክ በ1959 የወጣው፣ ርእሱ በአማርኛ «ራስ ከግድግዳ ጋር» ሊባል የሚችለው ፊልም ነው። ታሪኩ የሚካሄደው በአእምሮ ሕሙማን ሆስፒታል ውስጥ ሲሆን፣ ዋናዎቹ ተዋንያን ዣን ፒዬር ሞኪ፣ አኑክ ኤሜና በዘፋኝነቱ ዓለም ያወቀው ሻርል አዝናቩር ናቸው። ስኮብ የምትታየው ከሕሙማኑ እንደ አንዷ ሆና ስትዘፍን ብቻ ነው። ለእሷ ብሎ የሚከራይ ሰው ገንዘቤን ተበላሁ ሊል ይችላል፤ ሆኖም ፍራንዡ በዚያች አጭር ትዕይንት ምን አይቶ እንደመረጣት ለመረዳት ዲስኩ መደርደሪያው ላይ መኖሩ ተገቢ ነው።

የቤቱ ዋና ንብረት ሁለተኛው ዲስክ ነው። «ፊት አልባ ዓይኖች» በ1960 ለሕዝብ ቀረበ፤ ጥቁርና ነጭ ነው፤ ሙዚቃው ከሁለት ዓመት በኋላ ለዐረቢያው ሎውረንስ ፊልም ሙዚቃ የደረሰው የሞሪስ ዣር ነው። ፒዬር ብራሰር የተጫወተው ስመ ጥሩ የቀዶ ሕክምና ሐኪም ራሱ ባደረሰው የመኪና አደጋ የልጁ ፊት ተበላሽቷል። ልጅቱ እንደ ሞተች ለሕዝብ ተነግሮ በቤት ውስጥ ተደብቃለች፤ አባትየውም በረዳቱ አማካይነት ወጣት ሴቶችን እያስጠለፈ የፊታቸውን ቆዳ ገፎ ለልጁ ለመትከል ይሞክራል። ረዳቲቱን የተጫወተችው ጣሊያናዊቷ አሊዳ ቫሊ ናት። ልጅቱ ክሪስቲያን ኤዲት ስኮብ ናት፤ ፊልሙን ከሞላ ጎደል ከጅምሩ እስከ ፍጻሜው የምትጫወተውም ዓይኖቿ ብቻ በሚታዩበት ነጭ ጭምብል ተሸፍና ነው።

አንድ ተዋናይ የሚሠራበት ዋና መሣሪያ ፊቱ ነው ቢባል ብዙ ሰው ይስማማል። ስኮብ ገና በሃያዎቹ መጀመሪያ ላይ ሳለች በተሰጣት ትልቁ ሚና ይህ መሣሪያ ተነጥቋል፤ በእጇ የቀረላት አንገቷ፣ ትከሻዋ፣ የእጆቿ እንቅስቃሴና አረማመዷ ነው። ደረጃ ስትወርድ እግሯ መሬት የሚነካ አይመስልም፤ ወደ መስታወት ስትዞርና መስታወት እንደሌለ ስታስታውስ ጭንቅላቷ ግማሽ መንገድ ላይ ይቆማል። ለእጮኛዋ ስልክ ደውላ አንድ ቃል ሳትናገር ድምፁን ብቻ የምታዳምጥበት ትዕይንት አለ፤ እኔ በበኩሌ በንግግር ከተሞሉ ብዙ የፍቅር ፊልሞች ይልቅ ይህቺን ትዕይንት አስበልጣለሁ። ጭምብሉ የሚወልቅበት ጊዜም አለ፤ ያን ጊዜ የሚታየው ፊት ከጭምብሉ ጋር የሚመሳሰል፣ ረጋ ያለና ገርጣ ያለ ነው፤ ተመልካቹም የቱ የተሠራ፣ የቱ የተፈጠረ እንደሆነ ለአፍታ ይምታታበታል።

እዚህ ላይ በቤቱ ሁለት ቅሬታዎች አሉኝ። የመጀመሪያው የአማርኛው መግለጫ ነው፤ ገጹ ስለ ታሪኩ መናገር ይጀምርና ልጅቱ በፍጻሜው የምታደርገውን ሁሉ፣ ከማን ጋርና ወዴት እንደምትሄድ ሳይቀር ዘርዝሮ ይጨርሰዋል። ፊልሙን ያላየ ሰው ገጹን ሳያነብ ዲስኩን ቢያስገባ እመክራለሁ። ሁለተኛው፣ በሽፋኑ ላይ በቀይ ቀለም የተለጠፈው «እጅግ አስፈሪ» የሚል ወረቀት ነው። ፊልሙ የሚያስፈራ ነገር የለውም እያልሁ አይደለም፤ አንዲት የቀዶ ሕክምና ትዕይንት አለች፤ ያለ አንዳች ጥድፊያ የተቀረጸች ስለሆነች ልጆች ባሉበት መታየት የለባትም። ነገር ግን አሜሪካ ውስጥም በ1962 ፊልሙ ከጭራቅ ፊልሞች ተርታ ተመድቦ፣ የዶክተር ፋውስተስ የሰቆቃ ክፍል የሚል ዓይነት ርእስ ተሰጥቶትና በእንግሊዝኛ ድምፅ ተተክቶ ስለቀረበ፣ ለጩኸት የመጣ ተመልካች ተሰላችቶ ወጥቷል ማለት ይቻላል። ባለቤቱ እንደሚነግሩኝ ወጣቶቹ ወረቀቱን ካላዩ ጥቁርና ነጭ ፊልም አይነኩም። የንግድ ምክንያቱ ይገባኛል፤ ሆኖም ወረቀቱን አይቶ የተከራየ ወጣት በማግሥቱ ሲመልስ «ምኑ ያስፈራል?» ብሎ ከጠየቀ ጥያቄው ለወረቀቱ እንጂ ለፊልሙ አይደለም።

የ1962ቱ «ቴሬዝ ደስኬሩ» እና የ1963ቱ «ዡዴክስ» ከዚሁ ዳይሬክተር ጋር የተሠሩ ናቸው። የመጀመሪያው በፍራንስዋ ሞርያክ ልብ ወለድ ላይ የተመሠረተ ሲሆን፣ ዋናዋ ኤማኑኤል ሪቫ በቬኒስ ፌስቲቫል የምርጥ ተዋናይት ሽልማት አግኝታበታለች፤ ስኮብ የባሏን እኅት አንን ሆና ትጫወታለች። ሁለተኛው በ1916 ለታየ ተከታታይ ድምፅ አልባ ፊልም መታሰቢያ የተሠራ የጥንት ዓይነት የጀብዱ ታሪክ ነው፤ እሷም የባለ ባንኩ ልጅ ናት። በሁለቱም ጥሩ ናት፤ ነገር ግን ጊዜ የሌለው ሰው አንዱን ይምረጥ ከተባለ «ዡዴክስ»ን ይምረጥ፤ ክፉዋ ሴት በሆነችው በፍራንሲን ቤርዤ ፍጥነትና በስኮብ እርጋታ መካከል ያለው ልዩነት ራሱን የቻለ ትዕይንት ነው።

ቀጥሎ ያለውን ዲስክ ባለቤቱ በመደርደሪያው ላይ አያስቀምጡትም፤ ጠይቆ ለሚመጣ ሰው ብቻ ከመሳቢያ ያወጡታል። ይህ የሉዊስ ቡኙኤል የ1969 ፊልም «ፍኖተ ሐሊብ» ነው። ሁለት ሰዎች ከፈረንሳይ ተነሥተው በእስፔን ወዳለው የሳንቲያጎ ደ ኮምፖስቴላ መካነ ንግደት በእግር ሲጓዙ፣ በመንገዳቸው ላይ በካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ታሪክ የተነሡ የኑፋቄ ክርክሮች በሰው ተመስለው ይገጥሟቸዋል። ስኮብ በዚህ ፊልም ውስጥ የምትታየው ድንግል ማርያምን ሆና ነው። ጌታ ጢሙን ሊላጭ ሲል እናቱ እንዲተወው የምትነግርበት ትዕይንት አለ፤ ተዋናይቷ የሠራችው በፍቅርና በቀላልነት ስለሆነ ትዕይንቱ ፌዝ አይመስልም፤ በአጠቃላይ ግን ፊልሙ የቡኙኤል እንደመሆኑ መሳለቅ አያጣውም። ማርያም በስሟ ብቻ ሰው የሚማልባትና ወር በገባ በ21ኛው ቀን ጸበል ጸዲቅ የሚቀመስላት አገር ላይ ይህን ዲስክ ከመሳቢያ ማስቀመጥ ማስተዋል ነው እንጂ ፍርሃት አይደለም። ለማየት የሚፈልግ ሰው ይጠይቅ፤ ባለቤቱ አይከለክሉም፤ ምን እንደሆነ ግን አስቀድመው ይነግራሉ።

ከዚህ በኋላ መደርደሪያው ይሳሳል። ለዚህ ምክንያት አለው። በ1976 ስኮብና ባለቤቷ በፓሪስ ዳርቻ በምትገኘው ባኞሌ ከተማ አቴም የተባለውን የቴአትርና የሙዚቃ መሥሪያ አቋቋሙ፤ በዚያም ንግግርን፣ ዜማንና የሰውነት እንቅስቃሴን አንድ ላይ የሚያዋሕድ የመድረክ ሥራ ይሠራ ነበር። የመድረክ ሥራ ዲስክ ሆኖ ደብረ ብርሃን አይደርስም፤ ስለዚህ ባለቤቱ በሁለቱ የፊልም ዘመኖች መካከል ባዶ ሽፋን አቁመው ውስጡ ስለ አቴም የሚያስረዳ ገጽ አስገብተዋል። ከመግለጫዎቹ ሁሉ የተሻለው ይህ ነው። ተከራዩ ተዋናይቷ ከሲኒማ ጠፋች ወይም ተረሳች ብሎ እንዳያስብ ያደርገዋል፤ በኋለኞቹ ፊልሞች ውስጥ የሚሰማው ድምፅ፣ እያንዳንዱን ቃል ለይቶ እንደ ዜማ የሚያስቀምጠው አነጋገር ከየት እንደመጣም ያመለክተዋል።

በ1999 ራውል ሩዊዝ የማርሴል ፕሩስትን ታላቅ ልብ ወለድ የመጨረሻ ክፍል ወደ ፊልም ሲያመጣ የጌርማንት መስፍን ባለቤት ኦርያንን የተጫወተችው ስኮብ ናት። ካትሪን ዴኔቭም አለችበት። መጽሐፉን ላላነበበ ሰው ከባድ ነው፤ የቤቱ ዲስክም ወደ መካከሉ ላይ ተቧጭሮ ይቆማልና አሁን ባለበት ሁኔታ መከራየት አይገባውም ነበር። በ2001 የወጣው «የተኩላዎች ቃል ኪዳን» በአንጻሩ ከመደርደሪያው ሁሉ ብዙ ጊዜ የሚወጣው ዲስክ ነው። ከ1764 እስከ 1767 በፈረንሳይ ዤቮዳን አውራጃ ሰው ይበላ በነበረው አውሬ ታሪክ ላይ የተመሠረተ፣ ፍልሚያ የበዛበት ፊልም ሲሆን፣ ቬንሰን ካሴልና ሞኒካ ቤሉቺ ይጫወቱበታል። ስኮብ የባላባቱ ቤት እመቤት ናት፤ የምትታየው ጥቂት ነው። ወጣቶቹ ለፍልሚያው ይከራዩታል፤ እኔ ግን ጠረጴዛ ዙሪያ የተቀመጡት ሁሉ ሲንጫጩ እሷ አንዴ ቀና ብላ የምታይበትን ሁኔታ ልብ እንዲሉ እጠይቃለሁ።

የቤቱን ኪራይ ብቻ ሳይሆን ክፍሉንም የሚያስመሰግነው ፊልም ግን የኦሊቪዬ አሳያስ የ2008 ሥራ ነው፤ ርእሱ በአማርኛ «የበጋ ሰዓት» ቢባል ያስኬዳል። የፓሪሱ የኦርሴ ሙዚየም ሃያኛ ዓመቱን ምክንያት በማድረግ ካሰበው ሥራ የበቀለ ሲሆን፣ ታሪኩ ግን ሙዚየም ለማያውቅ ሰውም ቅርብ ነው። ኤሌን የተባሉ እናት ሰባ አምስተኛ ዓመታቸውን በገጠር ቤታቸው ያከብራሉ። ሦስት ልጆች አሏቸው፤ የመጀመሪያው ፓሪስ ነው፤ ሴቷ ኒው ዮርክ ትኖራለች፤ የመጨረሻው ሥራው ቻይና ነው። ቤቱ የሥዓሊ ዘመዳቸው መታሰቢያ ነው፤ የፈረንሳዊው ሠዓሊ የኮሮ ሥዕሎች፣ የቤት ዕቃ ጠቢቡ የማዦሬል ጽሕፈት ጠረጴዛ፣ ዋጋቸው የማይታወቅ የአበባ ማስቀመጫዎች ሞልተውታል። እናትየው የመጀመሪያ ልጃቸውን ይዘው በየክፍሉ እየዞሩ ከሞታቸው በኋላ የቱ ዕቃ ምን እንደሚደረግ ይነግሩታል፤ እሱ መስማት አይፈልግም። ልጆቹ ሲሄዱም ምሽት ላይ መብራት ሳያበሩ ይቀመጣሉ። ብዙም ሳይቆይ ያርፋሉ፤ የቀረው ፊልም የወራሾቹ ነው።

ኤሌን ኤዲት ስኮብ ናት። ከፊልሙ አንድ ሦስተኛ ያህል ብትታይ ነው፤ ይሁን እንጂ ከዚያ በኋላ እያንዳንዱ ጠረጴዛና እያንዳንዱ ማስቀመጫ የእሷን ድምፅ ይዞ ይታያል፤ ምክንያቱም ስለ ዕቃዎቹ ስትናገር በልቅሶ ሳይሆን እንደ ዝርዝር ቆጣሪ አድርጋ ነው የተናገረችው። ሌላ ተዋናይት ብትሆን ዓይኗን እንባ ሞልቶት ልጇን ታቅፍ ነበር። ስኮብ ግን እጇን ጠረጴዛው ላይ አሳርፋ ቀጣዩን ዕቃ ትጠራለች፤ ሐዘኑን ለልጇና ለተመልካቹ ትተውላቸዋለች። በ1960 ጭምብል አድርጋ በእጇና በአንገቷ ብቻ መናገር የተማረች ተዋናይት አርባ ስምንት ዓመት ቆይታ ያንኑ ጥበብ ያለ ጭምብል ስትጠቀምበት ማየት መደርደሪያውን በቅደም ተከተል የመከራየት ትልቁ ጥቅም ነው። ለዚህ ሚናም ሴዛር በተባለው የፈረንሳይ የፊልም ሽልማት በረዳት ተዋናይት ዘርፍ ታጭታ ነበር፤ አላሸነፈችም።

ይህ ፊልም ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ በኋለኛው ክፍል ሲታይ ተመልካቹ ዝም ብሎ አይወጣም። ሰሜን ሸዋ ውስጥ ልጆቹ አንዱ አዲስ አበባ፣ አንዱ አሜሪካ፣ አንዷ ዐረብ አገር የሆኑበት ወላጅ ያለበት ቤት ብዙ ነው፤ ከአርባው ወይም ከሙት ዓመቱ በኋላ «ቤቱ ይሸጥ ወይስ ይቀመጥ?» የሚለው ክርክር፣ ሽማግሌ የሚቀመጥበት ክፍፍል፣ ለእናት ስትላላክ የኖረችው ሠራተኛ ምን ትውሰድ የሚለው ጥያቄ እዚህም ያው ነው። በፊልሙ ያለችው አረጋዊት ሠራተኛ ምን እንደደረሳት አልናገርም፤ በክፍሉ ውስጥ የነበሩት እናቶች ግን ከፊልሙ በኋላ የተከራከሩት ስለ ኮሮ ሥዕሎች ሳይሆን ስለ እሷ ነበር። አንዲት እናት ልጆቹን ተከላክለው «ርቀው ያሉ ልጆች ቤት ምን ይሠራላቸዋል?» ሲሉ፣ ሌላዋ ደግሞ «እናታቸው ዕቃውን ስትቆጥርላቸው ጆሮ ሰጥተው ቢሆን» ብለው መለሱላቸው። ባለቤቱም በእንዲህ ያለው ቀን ማኪያቶ በነጻ ያዞራሉ፤ በክርክሩም ከሌሎቹ ይበልጥ የሚጮኹት እሳቸው ናቸው።

የቤቱ አንድ ደንብ በመጀመሪያ ሲሰሙት ያበሳጫል። የሌዎስ ካራክስን የ2012 ፊልም «ሆሊ ሞተርስ»ን ለመከራየት የሚፈልግ ደንበኛ በቅድሚያ «ፊት አልባ ዓይኖች»ን ተከራይቶ መመለስ አለበት። ንግድ ቤት ደንበኛውን እንደ ተማሪ ሊያስተናግድ አይገባም የሚለው ተቃውሞ ተገቢ ነው፤ ይሁንና በዚህ አንድ ጉዳይ መምህሩ ትክክል ናቸው። ፊልሙ ዴኒ ላቫን የሚጫወተው አንድ ሰው በነጭ ሊሞዚን ፓሪስን እየዞረ በየቀጠሮው መልኩን እየቀያየረ ልዩ ልዩ ሰው የሚሆንበት ነው። ሊሞዚኑን የምትነዳው፣ ቀጠሮውን የምታስታውሰው፣ ምግብ መብላቱን የምትጠይቀው ሴሊን ስኮብ ናት። ቀኑን ሙሉ ፊትና ልብስ የሚቀያይረውን ሰው ከጥግ ወደ ጥግ የምታመላልሰው፣ ራሷ የማትለወጥ፣ ነጭ ልብስ የለበሰች አረጋዊት ናት። መጨረሻው አካባቢ አንድ ትንሽ ነገር ታደርጋለች፤ የመጀመሪያውን ፊልም ያየ ሰው ከወንበሩ ቀና ይላል፤ ያላየው ግን ምንም እንዳልሆነ ያልፈዋል። ለዚህም ሚና ለሴዛር ሁለተኛ ጊዜ ታጨች፤ አሁንም አላገኘችም። ስለ ቀሪው ፊልም የሰው አስተያየት የተለያየ ነው፤ እኔም መካከሉ ላይ ረዝሞብኛል፤ ሊሞዚኑ ውስጥ ያሉት ጊዜያት ግን አይረዝሙም።

የመጨረሻው ዲስክ የ2016ቱ የሚያ ሃንሰን ሎቭ ፊልም ሲሆን ርእሱ «መጪው ጊዜ» ማለት ነው፤ ዳይሬክተሯ በበርሊን ፌስቲቫል በምርጥ አዘጋጅነት የብር ድብ ተሸልማበታለች። ኢዛቤል ዩፔር የፍልስፍና መምህርት ናት፤ ስኮብ ደግሞ በሌሊት እየደወለች፣ ልሞት ነው እያለች፣ የእሳት አደጋ ሠራተኞችን እየጠራች ልጇን የምታስጨንቅ እናቷ ናት። ከኤሌን በኋላ ይህን ማየት ያስገርማል፤ ያቺ የተረጋጋች እናት እዚህ እልኸኛ፣ ለመልኳ የምትጨነቅ፣ አንዳንዴም አስቂኝ አሮጊት ሆናለች። ተዋናይቷ ሰማንያ ሊሞላት ጥቂት ሲቀራት እንዲህ ያለ የማይወደድ ሚና ተቀብላ ሳታለዝብ መጫወቷ፣ «ኤዲት ስኮብ መንፈስ የምትመስል ዝምተኛ ሴት ናት» ለሚለው የቆየ አስተያየት በቂ መልስ ነው። ባለቤቱም በመግለጫቸው ይህንኑ አስተያየት ደጋግመው ስለጻፉት ገጹን ቢያድሱት መልካም ነው።

ስለ ክፍሉና ስለ አገልግሎቱ ጥቂት ልጨምር። ከባሕር ወለል በላይ 2800 ሜትር ገደማ ላይ ባለች ከተማ፣ በኅዳርና በታኅሣሥ ማታ ሳይሞቅ ፊልም የሚያሳይ ክፍል ተመልካቹን ይቀጣዋል። ቤቱ ለእያንዳንዱ ተቀማጭ የመንዝ ባና ያቀርባል፤ ባናው ከባድ፣ ንጹሕና የሚሞቅ ነው፤ ይህን የመሰለ አቀባበል በሌላ የፊልም ክፍል አላየሁም። የገብስ ቆሎው ጥሩ ነው፤ ማኪያቶው ደግሞ ወተቱ ስለሚበዛበት ቡና ወዳድ ሰው ጥቁር ቡና ቢያዝ ይሻለዋል። መብራት ሲጠፋ ጄኔሬተር ይነሣል፤ ነገር ግን የተቀመጠው ከክፍሉ ግድግዳ አጠገብ ስለሆነ ጩኸቱ የሞሪስ ዣርን ሙዚቃ ይውጠዋል፤ የስኮብን ድምፅማ ፈጽሞ አያሰማም። ጥቂት ሜትር ራቅ ማድረግ የሚከብድ አይመስለኝም።

ከዚህ የባሰው ግን የምስሉ ነገር ነው። የ1960ዎቹ ፊልሞች የተሠሩት ከዛሬው ቴሌቪዥን ጠበብ ባለ ስፋት ነው፤ በክፍሉ ያለው መሣሪያ ደግሞ ስክሪኑን ለመሙላት ምስሉን ወደ ጎን ይለጥጠዋል። ለሌላ ፊልም ይህ ቀላል ጉድለት ሊሆን ይችላል፤ በጭምብል የተሸፈነ ፊትና በጭምብሉ ዙሪያ ያለች አንገት ሁሉን ነገር በሚናገሩበት ፊልም ግን የተለጠጠ ፊት ማሳየት የተዋናይቷን ሥራ ማበላሸት ነው። በቴሌቪዥኑ ሪሞት አንዲት ቁልፍ ተጭኖ ይስተካከላል፤ የምታስተናግደዋ ልጅ ብትጠየቅ ወዲያው ታስተካክላለች፤ ሳትጠየቅ ግን አይስተካከልም።

ዲስክ ወደ ቤቱ ለሚወስድ ደንበኛ ሦስት ነገሮች ይጠቅሙታል። ከፈረንሳይ የመጣ ዲስክ የሚሠራው በአውሮፓ ቀጠና ኮድ ስለሆነና አገራችን ከሌላ ቀጠና ስለተመደበች፣ ኮዱን የሚጠብቅ ማጫወቻ ዲስኩን ላያነብ ይችላል፤ ገበያ ላይ ያሉት ርካሽ ማጫወቻዎች አብዛኛዎቹ ኮድ ስለማይጠይቁ የሚያስቸግሩት ይበልጡን ታዋቂ ስም ያላቸው ናቸው። የግርጌ ጽሑፍ በአማርኛ የለም፤ በእንግሊዝኛ ያለው በአንዳንዶቹ ብቻ ስለሆነ ከመውሰድ በፊት ሽፋኑን አገላብጦ ማየት ያስፈልጋል፤ «ቴሬዝ ደስኬሩ» ፈረንሳይኛ ብቻ ነው። መያዣው መታወቂያ ሲሆን፣ ኪራዩ ከአንድ ማኪያቶ ዋጋ ብዙም አይበልጥም፤ ለዘገየ ዲስክ የሚጠየቀው ቅጣት ግን ከኪራዩ ይበልጣል፤ ይህም በር ላይ መለጠፍ ሲገባው የሚነገረው ዲስኩ ሲመለስ ነው።

ቤቱ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ይከፈታል፤ በሌሎቹ ቀናት እስከ ምሽት ክፍት ነው። በስልክ ዲስክ ማስያዝ አይቻልም። «የበጋ ሰዓት» ያለው በአንድ ቅጂ ስለሆነ ቅዳሜ ለክፍሉ ይያዛል፤ ወደ ራሱ ቤት ወስዶ ሊያየው የሚፈልግ ሰው ሰኞ ወይም ማክሰኞ ጠዋት ቢሄድ ያገኘዋል።